የደምሴ መደብ

ደምሴን የቀበርነው በዐቢይ ጾም አጋማሽ ላይ ነው። ከቀብሩ በፊት በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውስጥ የብሎካችን ኮሚቴ ሊቀመንበር ወረቀት ይዞ ወጣና የሟቹን የሕይወት ታሪክ አነበበ። የት እንደተወለደ፣ የት እንደሠራ፣ መቼ እንዳገባ፣ ሁለት ሴት ልጆች እንዳሉት ተናገረ። እስከዚህ ድረስ ልክ ነበር። መጨረሻ ላይ ድምፁን ዝቅ አደረገና፣ «ወንድማችን ደምሴ በሕይወት ዘመኑ ማንንም አስቀይሞ፣ ለማንም እምቢ ብሎ አያውቅም» አለ።

ሰው ሁሉ ራሱን ነቀነቀ። ሴቶቹ አለቀሱ።

«ውሸት ነው» አልኩ።

አጠገቤ የቆመችው ጎረቤቴ ክንዴን ቆነጠጠችኝ። «እማማ አስካለ፣ ለቅሶ ላይ እኮ ነን» አለችኝ በሹክሹክታ።

«ለቅሶ ላይ መዋሸት ይፈቀዳል ያለው ማን ነው?»

ከዚያ በኋላ ዝም ያልኩት ለሚስቱ ለወይንሸት ብዬ ነው። ነገር ግን ውሸት ነው። ደምሴ ሰው አስቀይሞ ያውቃል። በአንድ ጠዋት ሁለት ሰው አስቀይሟል። አንደኛው ያንን ወረቀት ያነበበው ሰውዬ ነው። ሁለተኛዋ እኔ ነኝ። እምቢም ብሏል። ያቺን እምቢታ ከአፉ ለማውጣት ምን ያህል እንደለፋ በዓይኔ ስላየሁ፣ ሰውዬው ከሞተ በኋላ እንድትወሰድበት አልፈልግም። በሕይወቱ የተወሰደበት ይበቃል።

እኔ ማንበብና መጻፍ የተማርኩት ልጅ ከወለድኩ በኋላ፣ በማታ ትምህርት ነው። ጽሕፈቴ አያምርም። የልጅ ልጄ ግን በስልኳ አስተካክላ ትጽፍልኛለች። አንድም ቃል እንዳትጨምርበት ነግሬያታለሁ።

ደምሴና እኔ አያት ኮንዶሚኒየም ውስጥ አራተኛ ፎቅ ላይ በር ለበር ነን። ነበርን ልበል። የእኔ በር ቀን ቀን ክፍት ነው። ሰው ሲወጣና ሲወርድ ማየት እወዳለሁ። ደምሴ ከሥራ ሲመለስ የራሱን በር የሚያንኳኳው ሰው እንዳይረበሽ በጣቱ ጫፍ ነው። ወይንሸት ከውስጥ፣ «ድመት ናት ወይስ ደምሴ ነው?» ትላለች። እሱም፣ «ኧረ እኔ ነኝ፣ ይቅርታ» ይላል። ይቅርታ የሚለው ወደ ገዛ ቤቱ ስለመጣ ነው።

አባቱ ወታደር ነበሩ ይባላል። ደምሴ ብለው ስም ሲያወጡለት ጠላት የሚደመስስ ልጅ አስበው ይሆናል። እሱ በረሮ እንኳን አይገድልም። በወረቀት አንሥቶ ኮሪደር ላይ ይለቀዋል። በረሮው ደግሞ በሬ ክፍት ስለሆነ ወደ እኔ ቤት ይገባል። ይህንን ስነግረው፣ «ውይ እማማ፣ ይቅርታ» አለኝና ከዚያ ቀን ጀምሮ እስከ ምድር ቤት ወርዶ መልቀቅ ጀመረ።

ሥራው ቦሌ ለሚ ኢንዱስትሪ ፓርክ ውስጥ፣ ሸሚዝ በሚሰፋበት ፋብሪካ፣ የስፌት መኪና መጠገን ነበር። ቀጭን፣ ረጅም፣ ትንሽ ጎበጥ ያለ ሰው ነው። ያጎበጠው ሥራው ይሁን ጠባዩ አላውቅም። አንገቱን ወደ አንድ ጎን ዘንበል አድርጎ ነው የሚያዳምጠው። የምትነግረውን ሁሉ ያዳምጣል። ከዚያ የሚለው አንድ ነገር ነው። «ግድ የለም።»

ውኃ በፈረቃ በምትመጣበት ቀን ምድር ቤት ቧንቧው ጋ ጀሪካን እንደረድራለን። የደምሴ ጀሪካን ሰማያዊ ነው። ስም አልተጻፈበትም፣ ግን የማን እንደሆነ ማንም ያውቃል። ጠዋት ከፊት ያስቀምጠዋል፣ ከሰዓት በኋላ መጨረሻ ላይ ይገኛል። «ደምሴ፣ ጀሪካንህን ገፉት እኮ» ስለው፣ «ግድ የለም እማማ፣ ልጆች ያሏቸው ናቸው» ይላል። ልጆች እኮ እሱም አሉት።

ታክሲ ውስጥ ደግሞ ሌላ ጉድ ነው። ሰፈራችን ከመጨረሻው ፌርማታ በፊት ስለሆነ ለመውረድ «ወራጅ አለ» ማለት ያስፈልጋል። ደምሴ ይላል፣ አይልም አይባልም። ግን የሚለው ለራሱ ጸሎት እንደሚያደርስ ሰው ነው። ረዳቱ አይሰማውም። ሁለተኛ ጊዜ መናገር ደግሞ ያፍራል። ስለዚህ እስከ መጨረሻው ፌርማታ ይሄድና በእግሩ ተመልሶ ይመጣል። ዝናብም ቢሆን። አንዳንዴ ከመገናኛ ስንመለስ አንድ ታክሲ ውስጥ እንገጣጠማለን። ያን ጊዜ እኔ ነኝ የምጮህለት። «ወራጅ አለ! አንተ ረዳት፣ ጆሮህ ምን ሆኗል!» ደምሴ ከኋላዬ ሲወርድ ረዳቱን ይቅርታ ይጠይቀዋል።

አሁን ወደ ቅርጫው ልምጣ።

የብሎካችን ክርስቲያኖች በየበዓሉ እኩል አዋጥተን በሬ እንገዛለን። ብሎኩ ጀርባ ያለው የጋራ ሕንፃ ውስጥ በማለዳ ይታረዳል። ቅርጫ የወንዶች ነው ይባላል። ባሌ ሲያርፍ «ልጅዎን ይላኩ» አሉኝ። «ልጄ ሽንጥና ዳቢት አይለይም፣ እኔ እለያለሁ» አልኳቸውና ሳፋዬን ይዤ ወረድኩ። አሁን ለምደውኛል።

አራጁ ብልቱን ካወጣ በኋላ ሥጋውን በላስቲክ ላይ በየመደቡ ይከምረዋል። ለእያንዳንዱ ቤት አንድ መደብ ማለት ነው። እኩል ለማድረግ ይለፋል፣ ይጨምራል፣ ይቀንሳል። በሬ ግን እኩል ሆኖ አልተፈጠረም። አንዱ መደብ ላይ ሥጋው ይበዛል፣ አንዱ ላይ አጥንቱ። ሻኛውን ለሁሉ ቢቆራርጡት ለማንም ስለማይበጅ ሙሉውን አንድ መደብ ላይ ያደርጉና ሌላውን በሌላ ብልት ያካክሱታል። ሻኛ በምን ይካካሳል? አይካካስም። ለዚህ ነው እጣ የሚጣለው።

እጣ የሚጥልልን ሰይድ ነው። ሰይድ የወሎ ሰው ነው፣ ሙስሊም ነው፣ ምድር ቤት ሱቅ አለው። እኛ ያረድነውን ስለማይበላ በነገሩ ውስጥ ምንም ጥቅም የለውም። ከእሱ የተሻለ ዳኛ ከየት ይመጣል? እያንዳንዳችን ምልክታችንን ኮፍያው ውስጥ እንጥላለን። እኔ የነጭ ሽንኩርት ፍሬ ነው የምጥለው። ሌላው ቆርኪ ይጥላል፣ ሌላው ጠጠር። ሰይድ ፊቱን ወደ ግድግዳው ያዞራል፣ «ቢስሚላህ» ይላል፣ ከኮፍያው ውስጥ ሳያይ አንድ በአንድ እያወጣ ወደ ኋላ ያቀብላል፣ አራጁ በየመደቡ ላይ በተራ ያስቀምጣል። ምልክትህ ያረፈበት መደብ ያንተ ነው። አለቀ። ከዚያ በኋላ ቅሬታ የለም።

የደምሴ ምልክት ነጭ የሸሚዝ ቁልፍ ነበረች። «ከፋብሪካው ነው ያመጣሃት?» ብዬ አንድ ጊዜ ጠየቅሁት። ክው አለ። «ኧረ እማማ! ከራሴ ሸሚዝ ነው የወለቀችው!» አለና ሸሚዙን ገልጦ ወይንሸት በምትኳ የተከለችለትን ቡናማ ቁልፍ አሳየኝ።

የኮሚቴው ሊቀመንበር ፍስሐ ይባላል። ሰው ሁሉ የሚጠራው ኢንጂነር ብሎ ነው። ምን እንደሠራ ጠይቄው «ብዙ ነገር» ብሎኛል። ምልክቱ የብዕሩ ክዳን ነው። ክፉ ሰው ነው አልልም፣ ያልሆነውን አልልም። የታመመ ሰው ሲኖር በመኪናው ሐኪም ቤት የሚያደርሰው እሱ ነው። ለቅሶ አይቀርም። ነገር ግን የሌላ ሰው ነገር ትንሽ ካየው የራሱ መስሎ ይታየዋል። በዕድሜ ደምሴ ይበልጠዋል። አንተ የሚባለው ግን ደምሴ ነው፣ እርስዎ የሚባለው ኢንጂነር።

እጣው ወጥቶ ሁሉም መደቡን ሲያገኝ ኢንጂነር እጁን ወደ ኋላ አድርጎ መደቦቹን አንድ ጊዜ ይዞራል። ከዚያ ደምሴ ጋ ይቆማል። የደምሴ መደብ ጥሩ ከሆነ ማለቴ ነው። መጥፎ ከሆነ አይቆምም።

«ደምሴ፣ እንቀያየር እስቲ። እንግዶች አሉብኝ።»

«ግድ የለም ኢንጂነር።»

በየበዓሉ ይህ ነው። ገና ይህ ነው፣ ፋሲካ ይህ ነው፣ እንቁጣጣሽ ይህ ነው። ሰይድ ፊቱን አዙሮ የሚደክመው ለምን እንደሆነ አይገባኝም ነበር። አንድ ጊዜ አልቻልኩም።

«ኢንጂነር፣ እጣ ከተጣለ በኋላ ምን መቀያየር አለ? ታዲያ እጣው ለምን አስፈለገ?»

«እማማ፣ ባለቤቱ ተስማምቷል። ይጠይቁት።»

ደምሴ አንገቱን ዘንበል አድርጎ፣ «ግድ የለም እማማ» አለኝ።

በጣም የሚያናድደኝ ይህ ነበር። የተበደለው ሰው ተስማማሁ ካለ ለማን ትከራከራለህ? ደምሴ አጥንቱን ተሸክሞ ይወጣል፣ ወይንሸት በሩን ከፍታ ሳፋውን ታያለች፣ «ዘንድሮም?» ትላለች። እሱም፣ «ለሾርባ ጥሩ ነው» ይላል። ያ ቤት የጠጣው ሾርባ ሆስፒታል ያጠግባል።

ይህ ነገር የተለወጠበት ፋሲካ ከጥቂት ዓመታት በፊት ነው። ትልቋ ልጁ ቤተልሔም ያን ጊዜ ሁለተኛ ደረጃ ትማር ነበር። ቤቲ ነው የምንላት። አፏ ስለት ነው፣ በዚህ እኔን ትመስላለች። ቅዳሜ ከሰዓት ወይንሸት ለነገው ቅርጫ የቱን ሳፋ እንደምታወጣለት ስትጠይቀው በራቸው ክፍት ነበር፣ የእኔም እንደ ወትሮው ክፍት ነው።

«ትልቁን ላውጣልህ?»

ቤቲ ቀድማ መለሰች። «ለምን ሳፋ ታወጪያለሽ እማዬ? ፌስታል ይበቃዋል። አባዬ እኮ ሥጋ ብቻ አይደለም፣ መንገድ ላይ ከጠየቁት እኔንም ይቀይረኛል። ‹እንግዳ አለብን፣ ልጅህን እንቀያየር› ካሉት ‹ግድ የለም› ነው የሚላቸው።»

ቤቱ በሙሉ ሳቀ። ትንሿም ሳቀች፣ ወይንሸትም ሳቀች። ደምሴም ሲስቅ ሰማሁት።

ትንሽ ቆይቶ የቆሻሻውን ፌስታል ይዞ ወጣ። ደረጃው አፍ ላይ ቆመ። አልወረደም። ፌስታሉን እንደያዘ ቁልቁል ሲያይ ቆየ። ከዚያ ዞረና አየኝ።

«እማማ።»

«አቤት።»

«ሰምተዋል አይደል?»

«ሰምቻለሁ።»

«እኔ እንደዚያ ነኝ እንዴ?»

ሌላ ሰው ቢሆን «ኧረ ምን በወጣህ» ይለው ነበር። እኔ የጠየቀኝን ሰው አልዋሽም።

«አዎ» አልኩት።

«እግዜር ይስጥልኝ» አለኝ። ከዚያ ቆሻሻውን ሳይጥል ይዞት ወደ ቤቱ ተመለሰ።

በማግስቱ ማለዳ የጋራ ሕንፃው ጋ ስወርድ ደምሴ ቀድሞኛል። በእጁ ትልቁን ሳፋ ይዟል። በሬው ሲታረድም፣ ሲገፈፍም፣ ብልቱ ሲወጣም ሳፋውን መሬት አላስቀመጠውም። እንደ ጋሻ ደረቱ ላይ ይዞት ቆመ። ፊቱ አመድ መስሏል። አራጁ «ጋሼ አመመዎት እንዴ?» አለው። «ግድ የለም» አለ።

ምልክታችንን ጣልን። ሰይድ ዞረ። «ቢስሚላህ።» ቆርኪው ወጣ፣ ጠጠሩ ወጣ፣ የእኔ ነጭ ሽንኩርት ወጣ። እኔ ከደረሰኝ ጉበቱ ጥሩ ነበር፣ ቅሬታ የለኝም። የኢንጂነር ክዳን ጎድኑ የበዛበት መደብ ላይ አረፈ። ሻኛው ያለበት መደብ ቀርቶ ነበር። ነጯ ቁልፍ እሱ ላይ አረፈች።

ሰው ሁሉ ቁልፏን አየ፣ ከዚያ ኢንጂነርን አየ። ማንም ደምሴን አላየም። ለምን ይየው? የሚለውን ያውቁታላ።

ኢንጂነር እጁን ወደ ኋላ አደረገ፣ አንድ ጊዜ ዞረ፣ መጥቶ ቆመ።

«እንዴት አደርክ ደምሴ። በል እንቀያየር። ዘንድሮ እንኳን ከባድ እንግዶች ናቸው ያሉብኝ።»

የደምሴ ከንፈር ተንቀሳቀሰ። ታክሲ ውስጥ እንደሚናገረው ነው የተናገረው። ምን እንዳለ ማንም አልሰማም። ኢንጂነር ጎንበስ ብሎ ቁልፏን በሁለት ጣቱ አነሣና ወደ ጎድኑ መደብ ሊወስዳት እጁን ዘረጋ።

እኔ ደሜ ፈላ። «ኧረ በቃ! አይቀይርም! ሰውዬው አይቀይርም ተባልክ! መልሳት!»

ያን ጊዜ ደምሴ ዞረ። ወደ ኢንጂነር አይደለም። ወደ እኔ።

«እማማ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና ዝም ይበሉ። እኔ ልናገር።»

በዚህ ዕድሜዬ ዝም በይ ያለኝ ሰው የለም። ባሌ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ አንድም ቀን አልሞከራትም። ሰይድ ገና ፊቱ ወደ ግድግዳው ነበር፣ ትከሻው ሲንቀሳቀስ አየሁት። እየሳቀ ነበር። ዝም አልኩ። ምን ላድርግ?

ደምሴ ሳፋውን መሬት ላይ አስቀመጠ። ከማለዳው ጀምሮ የመጀመሪያው ነው።

«ኢንጂነር፣ ይቺ የእኔ ናት።»

ኢንጂነር ሳቀ። «ያንተ መሆኗንማ አውቃለሁ። ለዚህ እኮ ነው የጠየቅሁህ።»

«አልቀይርም።»

«ምን?»

«አልቀይርም ነው ያልኩት።» አሁን ድምፁ ይሰማል። አልጮኸም፣ ግን ይሰማል።

«አንተ ሰው፣ እንግዳ አለብኝ እያልኩህ?»

«እኔም አለብኝ።»

«ማን?»

«ልጆቼ።»

አራጁ ቢላውን መጥረግ አቆመ። ኢንጂነር ግራና ቀኙን አየ። ሰው ሁሉ መደቡን ማየት ጀምሯል። ቁልፏ ገና በጣቱ መካከል ናት። ድምፁን ለስለስ አደረገ።

«ደምሴ፣ ዛሬ ትንሣኤ ነው። በዚች ቀን አታስቀይመኝ።»

ደምሴ አንገቱን ዘንበል አደረገ፣ እንደ ልማዱ። ሁላችንም የሚመጣውን የምናውቅ መሰለን። ከዚያ መዳፉን ዘረጋለት።

«ይቀየሙኝ» አለው። «ግድ የለም።»

ኢንጂነር ቁልፏን መዳፉ ላይ ጣለለትና ጎድኑን እየጎተተ ሄደ። ደምሴ ቁልፏን የደረት ኪሱ ውስጥ ከተተ። ሥጋውን ወደ ሳፋው ሲያስገባ ግማሹን ላስቲኩ ላይ ይጥለዋል፣ ያነሣዋል፣ ይጥለዋል። ላግዘው አልሄድኩም። ዝም በሉ ተብያለሁ። ሰይድ ከሱቁ ካርቶን አምጥቶ ያልገባውን ከተተለት። ሻኛውን ከላይ አድርጎ አራት ፎቅ ወጣ። እኔ ከኋላው ነበርኩ። በየፎቁ ያርፋል። ሥጋው ከብዶት አይመስለኝም።

በሩ ላይ ሲደርስ ሁለቱም እጁ ተይዟል። በእግሩ መታው። ቤቱ ከገባ ጀምሮ በሩ እንደዚያ ተመትቶ አያውቅም።

«ማነው እሱ!» አለች ወይንሸት ደንግጣ።

«እኔ ነኝ። ክፈቺ።» ይቅርታ አላላትም።

ቤቲ ከፈተችው። ሳፋውን አየችው። ሻኛውን አየችው። ከዚያ አባቷን አየችው፣ ዓይኗን ቶሎ አልመለሰችም። ያቺ ልጅ ምንም ሳትል ያየሁት ያን ቀን ነው።

ከሰዓት በኋላ ቤቲ በሳህን ከድና ሥጋ ይዛልኝ መጣች።

«አባዬ ነው የላከልዎት። ከሻኛው ነው። ይቅርታ ያድርጉልኝ ብሏል።»

«ለምን ራሱ አልመጣም?»

«ፈርቶዎት።»

«ኢንጂነርንስ?»

«እሱን አልፈራሁትም አለ» አለችኝና እንደ መሳቅ አለች።

ሥጋውን በላሁ። ይቅርታውን ግን ወዲያው አልተቀበልኩም። እስከ ዳግማ ትንሣኤ ድረስ ሰላም አላልኩትም። ኢንጂነር ደግሞ እስከ ጰራቅሊጦስ። ስለዚህ ማንንም አስቀይሞ አያውቅም ማለት አይቻልም። ሁለታችንም ምስክሮች ነን።

አንዴ ደፍሮ የተናገረ ሰው ከዚያ በኋላ አንበሳ ይሆናል ብለው የሚያስቡ አሉ። ደምሴ አንበሳ አልሆነም። ጀሪካኑ መገፋቱን አልተወም። በረሮውንም እስከ መጨረሻው ምድር ቤት ወስዶ ነው የለቀቀው። አንድ ቀን ታክሲ ውስጥ ከኋላ ወንበር ሆኖ «ወራጅ አለ!» ሲል ሰማሁት፣ ሾፌሩ እንዲህ ያለ ድምፅ ስላልጠበቀ ፍሬኑን ረገጠና ሁላችንም ወደ ፊት ተወረወርን። ደምሴ ከመውረዱ በፊት ተሳፋሪውን አንድ በአንድ ይቅርታ ጠየቀ። ረዳቱ «ፋዘር፣ ውረድልን በቃ!» እስኪለው ድረስ።

መደቡን ግን ከዚያ ወዲያ አልሰጠም። ጥሩም ሲወጣለት፣ መጥፎም ሲወጣለት። አንድ ገና ላይ ቁልፏ አጥንት ብቻ የሆነ ነገር ላይ አረፈች። አሳዘነኝና፣ «ና የእኔን ትንሽ ላካፍልህ» አልኩት። «የወጣልኝ ይኼ ነው እማማ» አለኝ። አጥንቱን ሻኛ እንደሚሸከም አድርጎ ተሸከመው። ወይንሸት በሩን ስትከፍት፣ «ለሾርባ ጥሩ ነው» ሲላት ሰማሁ፣ እሷም ሳቀች፣ እሱም ሳቀ። የድሮው ሳቅ አልነበረም።

ዘንድሮ በጾሙ መግቢያ ታመመ። ሐኪም ቤት ያመላለሰው ኢንጂነር ነው። ይህንንም ልጻፍለት። ብዙ አልቆየም።

ከቀብሩ በኋላ ኢንጂነርን ደረጃው ላይ ይዤ ጠየቅሁት። «ለማንም እምቢ ብሎ አያውቅም ብለህ ያነበብከው፣ ያንን ፋሲካ ረስተኸው ነው?»

«የቱን ፋሲካ እማማ?»

ዓይኑን አየሁት። እያስመሰለ አልነበረም። እውነትም ረስቶታል። ሰውዬው ዕድሜውን ሙሉ የለፋላትን አንዲት ነገር እሱ ጎድኑን በልቶ ጨርሶ ረስቷታል። ያን ቀን ነው ይህንን ለመጻፍ ወረቀት የፈለግሁት።

ግን የዘንድሮው ፋሲካ ቀደመኝ።

በማለዳ ተሰብስበን መደቦቹ ከተከመሩ በኋላ ኢንጂነር ጉሮሮውን ጠራረገ። «የደምሴ ቤተሰብ ሐዘን ላይ ናቸው» አለ። «ደምሴ ድርሻውን አስቀድሞ አዋጥቷል፣ ግን አሁን ማን ይወርዳል? ከእጣው እናውጣቸውና ሁላችንም ከየመደባችን ጥሩ ጥሩውን ቆርጠን እንላክላቸው።»

ሰው ሁሉ «እውነት ነው፣ ደግ ነገር ነው» አለ። ደግ ነገር እንደሆነ እኔም አይቻለሁ። አፌን ልከፍት ስል በሩ ጋ ጥቁር የለበሰች ልጅ አየሁ። ቤቲ ናት። አሁን ትልቅ ሴት ሆናለች። ትልቁን ሳፋ ደረቷ ላይ ይዛለች።

«እንኳን አደረሳችሁ» አለች። ሰይድ ጋ ሄደችና እጇን ዘረጋች። «ይኸው የእኛ።»

ሰይድ ነጯን ቁልፍ ሲያያት ኮፍያውን ዝቅ አደረገላት። ከዚያ ወደ ግድግዳው ዞረ። «ቢስሚላህ» አለ።

የኢንጂነር ክዳን ያማረ መደብ ላይ ወጣ። ቁልፏ ከጫፍ ያለው መደብ ላይ አረፈች። ከሁሉም ያነሰው ነው። አጥንት፣ ጨጓራ፣ ትንሽ ሥጋ።

ኢንጂነር እጁን ወደ ኋላ አላደረገም። አልዞረም። በቀጥታ ወደ እሷ ሄደ፣ ዓይኑ እንባ ሞልቷል።

«ቤቲዬ፣ የእኔን ውሰጂ። እንቀያየር። የእኔ ይሻላል።»

ከልቡ ነው ያለው። ምስክር ነኝ።

«እግዚአብሔር ይስጥልኝ ጋሼ» አለችው። «ይቺ የእኛ ናት።»

«ኧረ ልጄ፣ ምን ማለትሽ ነው? አባትሽ ቢኖር እኮ...»

ቤቲ ቁልፏን ከሥጋው ላይ አነሣች፣ በነጠላዋ ጫፍ ጠረገቻት፣ ኪሷ ከተተቻት። ጎንበስ ብላ አጥንቱን ወደ ሳፋው ታስገባ ጀመር። አንዱንም አልጣለችም።

ኢንጂነር ወደ እኔ ዞረ። «እማማ፣ ይንገሯት እንጂ። ዝም ይላሉ?»

«እኔ እዚህ ቦታ ላይ ዝም በሉ ተብያለሁ» አልኩት።

«ማን ነው ዝም በሉ ያለዎት?»

እየጠየቀኝ ሳለ ፊቱ ቀስ እያለ ተለወጠ። ላስቲኩን አየ። ልጅቷን አየ፣ ሳፋውን አየ። ከዚያ ሁለት ጣቱን አየ፣ አንድ ነገር ይዞባቸው እንደነበረ ሁሉ። ቤቲ ሳፋውን አንሥታ ሄደች። ደረጃውን ስትወጣ ኮቴዋ ይሰማናል። በየፎቁ አላረፈችም።

«ለካ እምቢ ብሎኝ ያውቃል» አለ ኢንጂነር።

«ብሎሃል» አልኩትና ነጭ ሽንኩርቴን አንሥቼ የራሴን መደብ መሰብሰብ ጀመርኩ።